ማዕዘን የሚያቀኑ ሦስት ቁጥሮች

የዛሬው ትምህርታችን የሒሳብ ትምህርት ነው። ደብተር፣ እርሳስና ማስመሪያ አዘጋጁ። አንድ እፍኝ ሽምብራ ወይም ባቄላ ብታገኙ ደግሞ እጅግ ይጠቅማችኋል።

ይህን ትምህርት ስትጨርሱ የሚከተሉትን ማወቅ ይኖርባችኋል፦

1ኛ. ሦስት ቁጥሮች ቀጤ ማዕዘን የሚሠሩ መሆናቸውን መመርመር፤
2ኛ. እንደነዚህ ያሉ ሙሉ ቁጥሮችን በራሳችሁ ማግኘት፤
3ኛ. የምታገኙት ነገር ለምን ትክክል እንደሆነ ለጓደኛችሁ ማስረዳት።

ሀ. ቀጤ ማዕዘን ምንድን ነው?

የደብተራችሁን ጥግ ተመልከቱ። የበሩን ጥግ፣ የመስኮቱን ጥግ፣ የጠረጴዛውንም ጥግ ተመልከቱ። ሁለቱ ጠርዞች አንዱ ወደ አንዱ ሳያዘነብል ይገናኛሉ። እንዲህ ያለው ማዕዘን ቀጤ ማዕዘን ይባላል፤ መጠኑም 90 ዲግሪ ነው።

ከማዕዘኖቹ አንዱ ቀጤ ማዕዘን የሆነ ጎነ ሦስት ደግሞ ቀጤ ማዕዘን ጎነ ሦስት ይባላል። ቀጤ ማዕዘኑን የሚሠሩት ሁለቱ ጎኖች አጫጭሮቹ ጎኖች ናቸው። ከቀጤ ማዕዘኑ ፊት ለፊት ያለውን ሦስተኛውን ጎን ረጅሙ ጎን እንለዋለን። ሁልጊዜ ከሁለቱ ከእያንዳንዳቸው ይበልጣልና።

አሁን ባለ ካሬ ወረቀት ላይ ከአንድ ጥግ ተነሥታችሁ 3 ካሬ ወደ ላይ፣ 4 ካሬ ወደ ጎን አስምሩ። ሁለቱን ጫፎች በማስመሪያ አገናኙና ርዝመቱን ለኩ። ልክ 5 ካሬ ሆኖ ታገኙታላችሁ። ይህ እንዲያው የሆነ ነገር አይደለም፤ ሕግ አለው። ሕጉም ይህ ነው፦

ሁለቱን አጫጭር ጎኖች እያንዳንዳቸውን በራሳቸው አባዝታችሁ ብትደምሩ፣ ድምሩ ረጅሙ ጎን በራሱ ሲባዛ ከሚገኘው ጋር እኩል ነው።

ቁጥርን በራሱ ማባዛት ካሬውን ማግኘት ይባላል። የ3 ካሬ 9 ነው፤ የ4 ካሬ 16 ነው፤ የ5 ካሬ 25 ነው። 9 እና 16 ሲደመሩ 25 ይሆናሉ። ተመልከቱ፣ ሕጉ ተፈጸመ።

ይህ ሕግ ወደ ኋላም ይሠራል። ሦስት እንጨቶች ይዛችሁ የሁለቱ አጫጭሮች ካሬ ተደምሮ የረጅሙን ካሬ ካከለ፣ ሦስቱን ገጣጥማችሁ የምትሠሩት ጎነ ሦስት ያለ ጥርጥር ቀጤ ማዕዘን አለው። ግንበኛውን የሚጠቅመው ይኼኛው ነው።

ለ. ግንበኛው በሲባጎ ምን ያደርጋል?

ቤት ሊሠራ መሠረቱ ሲቀየስ ግንበኛው አስቀድሞ አንዱን ግድግዳ የሚያሳይ ሲባጎ ይወጥራል። ሁለተኛው ግድግዳ ከእርሱ ጋር ቀጤ ማዕዘን መሥራት አለበት። ትንሿ የብረት እስኳድራ ለአጭር ሥራ እንጂ ለ10 ሜትር ግድግዳ አትበቃም። ስለዚህ እንዲህ ያደርጋል፦

1. ማዕዘኑ በሚሆንበት ቦታ ላይ ችካል ይተክላል።
2. ከችካሉ ተነሥቶ በተወጠረው ሲባጎ ላይ 3 ሜትር ለክቶ ምልክት ያደርጋል።
3. ከዚያው ችካል ሌላ ሲባጎ ወደ ሁለተኛው ግድግዳ አቅጣጫ ዘርግቶ 4 ሜትር ላይ ምልክት ያደርጋል።
4. በሁለቱ ምልክቶች መካከል ያለው ርቀት ልክ 5 ሜትር እስኪሆን ድረስ ሁለተኛውን ሲባጎ ወዲህና ወዲያ ያንቀሳቅሳል።

5 ሜትር ሲሞላ ማዕዘኑ ቀና። ምንም ማሽን አላስፈለገም፤ ያስፈለገው ሲባጎ፣ ሜትርና ሦስት ቁጥሮች ብቻ ናቸው።

«ታዲያ ለምን ሙሉ ቁጥር አስፈለገ? 1 እና 1 ብንወስድስ?» ብላችሁ ትጠይቁ ይሆናል። መልካም ጥያቄ ነው። የ1 ካሬ 1 ነው፤ 1 እና 1 ሲደመሩ 2 ናቸው። እንግዲህ ረጅሙ ጎን በራሱ ሲባዛ 2 የሚሰጥ ቁጥር መሆን አለበት። 1.4 ብንሞክር 1.96 ይሆናል፤ አነሰ። 1.41 ብንሞክር 1.9881 ይሆናል፤ አሁንም አነሰ። 1.414 ብንል 1.999396 ነው። የቱንም ያህል አኃዝ ብንጨምር ልክ 2 ላይ አንደርስም። ሙሉ ቁጥሮች ግን በሜትሩ ላይ ያለ ምንም ሽርፍራፊ ይነበባሉ።

አሁን ደግሞ ከባድ ነገር ልንገራችሁ። ለዓይን ቀጤ የሚመስል ሁሉ ቀጤ አይደለም። አንድ ሰው «5፣ 5 እና 7 ይበቃኛል» ብሎ መሠረት ቢቀይስ ምን ይሆናል? የ5 ካሬ 25 ነው፤ 25 እና 25 ደግሞ 50። የ7 ካሬ ግን 49 ነው። ልዩነቱ አንድ ብቻ ነው! ሲባጎው ተወጥሮ ሲታይ ማዕዘኑ የቀና ይመስላል። ነገር ግን ግድግዳው 10 ሜትር ሲደርስ ጫፉ ከሚገባው ቦታ 20 ሳንቲ ሜትር ያህል ወደ ውስጥ ገብቶ ይገኛል። ይህም ቶሎ አይታወቅም። ግንቡ ወጥቶ ቆርቆሮ ሲመታ ግን በአንድ በኩል ይተርፋል፣ በሌላው በኩል ይጎድላል። ያን ጊዜ ግድግዳውን መመለስ አይቻልም። በወረቀት ላይ አንዲት ቁጥር የነበረች ስሕተት በቤቱ ላይ ለዘለዓለም ትቀራለች። ስለዚህ ልጆች፣ «ይመስላል» እና «ነው» የተለያዩ ቃላት መሆናቸውን ልብ በሉ።

ሐ. የመጀመሪያው መንገድ፦ ማባዛት

3፣ 4፣ 5 ካላችሁ ሌሎች ብዙ ቁጥሮች አሏችሁ። ሦስቱንም በአንድ ቁጥር አባዙ።

በ2 ሲባዙ፦ 6፣ 8፣ 10
በ3 ሲባዙ፦ 9፣ 12፣ 15
በ10 ሲባዙ፦ 30፣ 40፣ 50

ፈትኑት። የ6 ካሬ 36፣ የ8 ካሬ 64፣ ድምራቸው 100። የ10 ካሬም 100 ነው። ጎኖቹ እጥፍ ሲሆኑ ካሬዎቹ ሁሉ አራት እጥፍ ስለሚሆኑ እኩልነቱ አይፈርስም።

ነገር ግን እነዚህ የአንድ ቤተሰብ ልጆች ናቸው። ቅርጻቸው አንድ ነው፤ አንዱ ተለቀ፣ አንዱ አነሰ እንጂ። 3፣ 4፣ 5 የቤተሰቡ ወላጅ ነው እንበል። እኛ አሁን የምንፈልገው ሌሎች ወላጆችን ነው።

መ. ሁለተኛው መንገድ፦ ከጎዶሎ ቁጥር መነሣት

ሽምብራችሁን አውጡ። 4 በ4 አድርጋችሁ በካሬ ደርድሩ፤ 16 ሽምብራ ይፈጃል። ይህን ካሬ ወደ 5 በ5 ለማሳደግ ስንት ሽምብራ ትጨምራላችሁ? በአንድ ጎን 4፣ ከላይ ደግሞ 5፣ በድምሩ 9። ከ5 በ5 ወደ 6 በ6 ለማለፍስ? 5 እና 6፣ ማለትም 11። ከ6 ወደ 7 ደግሞ 6 እና 7፣ ማለትም 13።

ምሥጢሩን አያችሁ? ተከታታይ የሆኑ ሁለት ቁጥሮች ካሬ ልዩነት የሁለቱ ቁጥሮች ድምር ነው። የሚጨመረው ሽምብራ ራሱ የአንድ ቁጥር ካሬ ሆኖ ሲገኝ ደግሞ ሦስቱ ቁጥሮቻችን ተገኙ ማለት ነው። ከ4 ወደ 5 ስናልፍ የጨመርነው 9 ነበር፤ 9 ደግሞ የ3 ካሬ ነው። 3፣ 4፣ 5 የመጣው ከዚህ ነው።

እንግዲህ ከ1 በቀር ማንኛውንም ጎዶሎ ቁጥር ውሰዱ። ጎዶሎ ቁጥር ማለት ለ2 እኩል የማይከፈል ነው። ካሬውም ጎዶሎ ይሆናል። ያንን ካሬ በአንድ ብቻ ለሚበላለጡ ሁለት ቁጥሮች ክፈሉት። አሠራሩ ይህ ነው፦

ቁጥሩን በራሱ አባዙ፤ 1 ቀንሱ፤ ለ2 አካፍሉ። ያገኛችሁት ሁለተኛው ጎን ነው። 1 ስትጨምሩበት ረጅሙ ጎን ይሆናል።

5፦ ካሬው 25፤ የሚከፈለው ለ12 እና ለ13፤ ስለዚህ 5፣ 12፣ 13
7፦ ካሬው 49፤ የሚከፈለው ለ24 እና ለ25፤ ስለዚህ 7፣ 24፣ 25
9፦ ካሬው 81፤ የሚከፈለው ለ40 እና ለ41፤ ስለዚህ 9፣ 40፣ 41
11፦ ካሬው 121፤ የሚከፈለው ለ60 እና ለ61፤ ስለዚህ 11፣ 60፣ 61

ጎዶሎ ቁጥር አያልቅም። ስለዚህ እነዚህም አያልቁም።

ሠ. ሦስተኛው መንገድ፦ ከተጋማሽ ቁጥር መነሣት

ተጋማሽ ቁጥር ማለት ለ2 እኩል የሚከፈል ነው። ከ4 ጀምራችሁ አንዱን ውሰዱ። ግማሹን ያዙ፤ ግማሹን በራሱ አባዙ። ከዚያ 1 ስትቀንሱ ሁለተኛው ጎን፣ 1 ስትጨምሩ ረጅሙ ጎን ይሆናል።

8፦ ግማሹ 4፤ ካሬው 16፤ ስለዚህ 8፣ 15፣ 17
12፦ ግማሹ 6፤ ካሬው 36፤ ስለዚህ 12፣ 35፣ 37
10፦ ግማሹ 5፤ ካሬው 25፤ ስለዚህ 10፣ 24፣ 26

የመጨረሻውን አስተውሉ። 10፣ 24፣ 26 ሦስቱም ለ2 ይካፈላሉ፤ ሲካፈሉም 5፣ 12፣ 13 ይሆናሉ። ስለዚህ አዲስ ወላጅ አይደለም፤ የምናውቀው ቤተሰብ ልጅ ነው። አዲስ የሚገኘው ለ4 ከሚካፈሉት ከ8፣ ከ12፣ ከ16 እና ከመሰሎቻቸው ነው።

ይህስ ለምን ይሠራል? መልሱ ያው ሽምብራችን ነው። ከ15 በ15 ወደ 16 በ16 ለማደግ 15 እና 16፣ ማለትም 31 ይጨመራል። ከ16 ወደ 17 ደግሞ 16 እና 17፣ ማለትም 33። 31 እና 33 ሲደመሩ 64 ናቸው። 64 ደግሞ የ8 ካሬ ነው።

ረ. ሁሉንም የሚይዝ መንገድ

አሁን አንድ ፈተና ልስጣችሁ። 20፣ 21 እና 29 ቀጤ ማዕዘን ይሠራሉን? የ20 ካሬ 400፣ የ21 ካሬ 441፣ ድምራቸው 841። የ29 ካሬም 841 ነው። አዎን፣ ይሠራሉ። ነገር ግን ባለፉት ሁለት መንገዶች አናገኛቸውም። ከ21 ብንነሣ 220 እና 221 ይመጡብናል። ከ20 ብንነሣ ደግሞ 99 እና 101 ይመጡብናል። እንግዲህ ሰፋ ያለ መንገድ ያስፈልገናል።

መንገዱ ይህ ነው። ሁለት የተለያዩ ቁጥሮች ምረጡ፤ ለምሳሌ 5 እና 2።

የትልቁን ካሬ በትንሹ ካሬ ቀንሱ፦ 25 ሲቀነስ 4፣ ይህም 21።
ሁለቱን አባዝታችሁ እጥፍ አድርጉ፦ 5 በ2 10፣ እጥፉ 20።
ካሬዎቹን ደምሩ፦ 25 እና 4፣ ይህም 29።

21፣ 20፣ 29 ተገኙ! ሌሎችንም እንመልከት።

2 እና 1፦ 3፣ 4፣ 5
3 እና 2፦ 5፣ 12፣ 13
4 እና 1፦ 15፣ 8፣ 17
4 እና 3፦ 7፣ 24፣ 25

3 እና 1 ብትመርጡ ግን 8፣ 6፣ 10 ይመጣል፤ ይህ ደግሞ የ3፣ 4፣ 5 እጥፍ ነው። ወላጆቹን ብቻ ለማግኘት ሁለት ነገር ጠብቁ። አንደኛ፣ ከምትመርጧቸው ቁጥሮች አንዱ ጎዶሎ፣ አንዱ ተጋማሽ ይሁን። ሁለተኛ፣ ከ1 በቀር ሁለቱንም የሚያካፍል ቁጥር አይኑር። ይህን ከጠበቃችሁ ወላጆች ሁሉ በዚህ መንገድ ይገኛሉ፤ አንድም የሚቀር የለም። ረጅሙ ጎን ከ30 የማይበልጥባቸው ወላጆች አምስት ብቻ ናቸው። እነርሱም 3፣ 4፣ 5፤ 5፣ 12፣ 13፤ 8፣ 15፣ 17፤ 7፣ 24፣ 25፤ እና 20፣ 21፣ 29 ናቸው።

ለምን ይሠራል የሚል ቢኖር እንደገና ወደ ሽምብራው ይምጣ። ከ21 በ21 ወደ 29 በ29 ለማደግ ስምንት ጊዜ እንጨምራለን። የምንጨምረውም 43፣ 45፣ 47፣ 49፣ 51፣ 53፣ 55፣ 57 ነው። የፊተኛውን ከኋለኛው ጋር አጣምሩ። 43 እና 57 መቶ ናቸው፤ 45 እና 55 መቶ ናቸው፤ 47 እና 53 መቶ ናቸው፤ 49 እና 51 መቶ ናቸው። አራት ጊዜ መቶ 400 ነው፤ 400 ደግሞ የ20 ካሬ። ይኸው ነው።

ሰ. ይህን ማን አወቀው?

ይህ ሕግ በግሪካዊው ሊቅ በፓይታጎረስ ስም ይጠራል። እርሱ የኖረው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ6ኛው መቶ ዓመት ነው። ነገር ግን ሰዎች እነዚህን ቁጥሮች ከእርሱ ከሺህ ዓመት በላይ ቀድመው ያውቋቸው ነበር።

ዛሬ ኢራቅ በምትባለው አገር የነበሩት ባቢሎናውያን በእርጥብ ሸክላ ላይ ይጽፉ ነበር። ከጽሑፎቻቸው አንዱ ፕሊምፕተን 322 ተብሎ ይጠራል፤ ዛሬ የሚገኘው በኒውዮርክ በኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ነው። የተጻፈው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1800 ዓመት ገደማ ሲሆን 15 ረድፍ ቁጥሮች አሉበት። በመጀመሪያው ረድፍ 119 እና 169 ይገኛሉ፤ ሦስተኛው ጓደኛቸው 120 ነው። በአራተኛው ረድፍ ደግሞ 12709 እና 18541 አሉ፤ ሦስተኛው 13500 ነው። ልጆች፣ እንዲህ ያሉ ቁጥሮች በግምት አይገኙም። እነዚያ ጸሐፊዎች መንገድ ነበራቸው። የእኛን መንገድ በ12 እና በ5 ሞክሩት፤ 119፣ 120፣ 169 ይመጣላችኋል። በ125 እና በ54 ብትሞክሩት ደግሞ የአራተኛው ረድፍ ቁጥሮች ይመጣሉ።

በሕንድም ባውድሃያና የተባለ ሰው የመሠዊያ አሠራርን በሚናገር ጽሑፉ ውስጥ በገመድ ቀጤ ማዕዘን ስለ መሥራት ገልጿል። 3 እና 4፣ 12 እና 5፣ 15 እና 8፣ 7 እና 24፣ 12 እና 35 የመሳሰሉትንም ዘርዝሯል። ግሪካዊው ዩክሊድ ደግሞ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ300 ዓመት ገደማ ሕጉን እስከ ማስረጃው ጻፈ። ወደ ኋላም የሚሠራ መሆኑን አረጋገጠ።

በመጨረሻ አንድ የሚያስደንቅ ነገር። ካሬ ትተን ቁጥሩን ሦስት ጊዜ ብናባዛውስ? ለምሳሌ 2 በ2 በ2 8 ነው። ሁለት እንደዚህ ያሉ ሙሉ ቁጥሮች ተደምረው ሦስተኛውን ሊሰጡ ይችላሉን? ፌርማ የተባለ ፈረንሳዊ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1637 ዓ.ም. ገደማ ለሦስትም፣ ለአራትም፣ ከዚያም በላይ ላለው ሁሉ አይቻልም አለ። ማስረጃው ግን በእንግሊዛዊው አንድሩ ዋይልስ ታትሞ የወጣው በ1995 ነው። ከ350 ዓመት በላይ የሊቃውንትን እንቅልፍ የነሣ ጥያቄ እናንተ ዛሬ በሽምብራ ከተማራችሁት ትምህርት አጠገብ ያለ ነው።

መልመጃ

1. 9፣ 12 እና 15 ቀጤ ማዕዘን ይሠራሉን? የማን ቤተሰብ ናቸው?
2. 6፣ 7 እና 9 ቀጤ ማዕዘን ይሠራሉን? በካሬ አሳዩ።
3. ከ13 ተነሥታችሁ ሁለቱን ሌሎች ጎኖች ፈልጉ።
4. ከ16 ተነሥታችሁ ሁለቱን ሌሎች ጎኖች ፈልጉ።
5. 7 እና 2ን መርጣችሁ በሰፊው መንገድ ሦስቱን ጎኖች አግኙ።
6. ርዝመቱ 500 ሳንቲ ሜትር የሆነ መሰላል ግድግዳ ተደግፏል። እግሩ ከግድግዳው 140 ሳንቲ ሜትር ይርቃል። ጫፉ ግድግዳውን ስንት ሳንቲ ሜትር ከፍታ ላይ ይነካል? (140 እና 500ን ለ20 አካፍላችሁ ጀምሩ።)
7. የሦስቱን ጎኖች ብዜት ለ60 አካፍሉ። ለምሳሌ 3 በ4 በ5 60 ነው። በሌሎቹም ላይ ሞክሩ፤ ሁልጊዜ ያለ ቀሪ ይካፈላል።
8. የተግባር ሥራ፦ ከመማሪያ ክፍላችሁ ጥግ በወለሉ ላይ በአንዱ ግድግዳ 30፣ በሌላው ግድግዳ 40 ሳንቲ ሜትር ለክታችሁ በጠመኔ ምልክት አድርጉ። በምልክቶቹ መካከል ያለውን ርቀት ለኩ። 50 ከሆነ ጥጉ ቀጤ ነው። ከ50 ካነሰ ማዕዘኑ ጠቧል፤ ከበለጠ ሰፍቷል።

መልስ

1. አዎን፤ 81 እና 144 225 ናቸው፤ የ3፣ 4፣ 5 ቤተሰብ ናቸው።
2. አይሠሩም፤ 36 እና 49 85 ናቸው፤ የ9 ካሬ ግን 81 ነው።
3. 84 እና 85።
4. 63 እና 65።
5. 45፣ 28 እና 53።
6. 480 ሳንቲ ሜትር፤ የ7፣ 24፣ 25 ቤተሰብ ነው።

7ኛውንና 8ኛውን እናንተው ሠርታችሁ ለክፍል ጓደኞቻችሁ አስረዱ። መልሱን አስቀድሞ አይቶ የሚሠራ ሰው መልሱን ያገኛል፤ መንገዱን ግን ያጣል። መልሱን የምታዩት ከሠራችሁ በኋላ ይሁን።